ሱቅ ይወረሳል፤ አማና ግን ይጠየቁበታል

ምስጋና ሁሉ ለዓለማት ጌታ ለአላህ (ሱ.ወ.) የተገባ ነው። ሰላትና ሰላም በነቢያችን በሙሐመድ (ሰ.ዐ.ወ.)፣ በቤተሰቦቻቸውና በባልደረቦቻቸው ላይ ይሁን።



ዛሬ የማነሳላችሁ ጉዳይ ላይ ላዩን ሲያዩት የአንድ ሱቅ ፈቃድ ነገር ይመስላል። ውስጡ ሲገቡ ግን የሞት፣ የዕዳና የሚዛን ጉዳይ ሆኖ ይገኛል። እኔ ራሴም ያጠፋሁበት ጉዳይ ነው። ምክር ተጠይቄ የማይገባ ምክር ሰጥቻለሁ። አላህ ይቅር ይበለኝና ሌላው ወንድሜ ከእኔ ስሕተት ይማር ዘንድ ልጽፈው ወሰንኩ።

ነገሩ የሆነው በአውሮፓውያን አቆጣጠር በ2007 ነው። ያኔ ሰሜን ህንድ፣ በኡታር ፕራዴሽ ግዛት በምትገኝ አንዲት ከተማ የሂሳብ አያያዝ ትምህርት እከታተል ነበር። የተከራየሁት ክፍል በአንድ ሙስሊም ቤተሰብ ግቢ ውስጥ ነበር። የቤቱ አባወራ የራሽን ሱቅ ባለፈቃድ ነበሩ። የአገሩ ሰው እንዲህ ያለውን ሰው «ኮቴዳር» ይለዋል። እኔም እንደ ሰፈሩ ልጆች «ቻቻ» እያልኩ ነበር የምጠራቸው፤ አጎቴ እንደ ማለት ነው። ልጃቸው እኩያዬ ስለነበር ወዳጅነታችን የጠበቀ ነበር።

የራሽን ሱቅ አሠራር ምን እንደሚመስል ባጭሩ ላስረዳ። ህንድ ረሃብን በሚገባ የምታውቅ አገር ናት። በ1943 በቤንጋል የደረሰው ረሃብ ብቻ ሚሊዮኖችን ፈጅቷል። ስለዚህም መንግሥት ስንዴና ሩዝ ከገበሬ እየገዛ በጎተራ ያከማቻል፤ ከዚያም ካርድ ላላቸው ቤተሰቦች በርካሽ ዋጋ ያድላል። ለዚህ ሥራ በ1965 የህንድ የምግብ ኮርፖሬሽን ተቋቁሟል። እህሉን ለድሃው መዝኖ የሚሰጠው ግን የመንግሥት ሠራተኛ አይደለም፤ ፈቃድ የተሰጠው ባለ ሱቅ ነው። እኔ በነበርኩበት ዘመን የድሃ ድሃ የሚባሉት ቤተሰቦች «አንትዮዳያ» የተባለ ካርድ ነበራቸው። በዚህ ካርድ አንድ ቤተሰብ በወር 35 ኪሎ እህል ያገኛል፤ ስንዴው በኪሎ 2 ሩፒ፣ ሩዙ በኪሎ 3 ሩፒ ነበር። ባለ ሱቁ የሚያገኘው በኩንታል የሚታሰብ አነስተኛ ኮሚሽን ነው።

እንግዲህ ቻቻ አንድ ቀን ከሱብሒ ሰላት ተመልሰው ልባቸውን ያዛቸውና ቀትር ሳይደርስ ወደ አኺራ ሄዱ። ሚስት፣ አንድ ወንድ ልጅና ሁለት ሴቶች ልጆች ተዉ። ሙሲባው ገና ትኩስ ሳለ የሱቁ ወሬ ተነሳ። ሱቁ ታሸገ፤ ካርድ ያላቸው ሰዎችም ለጊዜው ራቅ ወዳለ ሌላ ሱቅ ተዛወሩ። አሮጊቶች ጆንያ ተሸክመው ያን ሁሉ መንገድ ሲሄዱ አይቻለሁ።

ፈቃዱ ባለቤቱ ሲሞት አብሮ ያበቃል። ሆኖም በብዙ የህንድ ግዛቶች ደንብ፣ በሟቹ ሥር ይተዳደር የነበረ የቤተሰብ አባል ሱቁ ለእሱ እንዲሰጠው ማመልከት ይችላል። ለዚህም የሞት ምስክር ወረቀት ያስፈልጋል። የቀሩት ወራሾች ተቃውሞ እንደሌላቸው በቃለ መሃላ ያረጋግጣሉ። የሱቁም ሂሳብ ተጣርቶ መዘጋት አለበት። በዚያ ግዛት ደግሞ አንድ ተጨማሪ ነገር ይታያል፤ ይኸውም የሟቹ ባለ ሱቅ ስም መልካም የነበረ መሆኑ ነው። ይህችን ነጥብ አንባቢ በልቡ ይያዝልኝ።

እናትየው በዒዳ ላይ ነበሩ፤ የአራት ወር ከአሥር ቀን ጊዜያቸው ገና አልተጋመሰም። ስለዚህ ደጅ የመጥናቱ ጣጣ በልጅየው ላይ ወደቀ። እኔን የጠራኝ የሱቁን መዝገብ አብረን እንድናጣራ ነበር። ከዒሻ በኋላ በሱቁ የኋላ ክፍል መብራት አብርተን ተቀመጥን።

መዝገቡ ሁለት ሆኖ ተገኘ። አንደኛው ትልቁና ተቆጣጣሪ ሲመጣ የሚታየው ነው። ሁለተኛው ትንሽ ደብተር ሲሆን ከጎተራው ሣጥን ሥር ተጠቅልሎ ተቀምጧል። ጽሑፉ ኡርዱ ስለነበር ጓደኛዬ ያነብልኛል፤ ቁጥሩን ግን ከቁርአን ቤት ጀምሮ የማውቀው በመሆኑ እኔም አየው ነበር። በትልቁ መዝገብ ለአንድ ቤተሰብ 35 ኪሎ ተሰጠ ተብሎ ተጽፏል። በትንሹ ደብተር ግን 33 ይላል። በዚህ ዓይነት የተመዘነላቸው 60 ቤተሰቦች ነበሩ። ሁለት ኪሎ ለአንድ ሰው ምን ትሆናለች ይባል ይሆናል። በ60 ቤት በ12 ወር ስትባዛ ግን 1,440 ኪሎ ትሆናለች!

ነገሩ በዚህ አላበቃም። ባለቤቶቻቸው የሞቱ፣ ነገር ግን በየወሩ እህል የሚወጣባቸው አራት ካርዶች ነበሩ። ከአራቱ አንዱ ጓደኛዬን በልጅነቱ ቁርአን ያስቀሩት ኡስታዝ ስም ነው። ከአራት ዓመት በፊት ጀናዛቸውን ተሸክሞ የቀበራቸው እሱ ራሱ ነበር። ስማቸውን ሲያነብ ድምፁ ተቋረጠ። የቀበራቸው መምህሩ በመዝገቡ ላይ ከቀብር እየተነሱ በየወሩ ስንዴ ይወስዳሉ!

ለፍትሕ ሲባል ሌላውንም መናገር አለብኝ። በዚያችው ደብተር ሌሎች ዓምዶችም ነበሩ። 50 ኪሎ ተብሎ የሚመጣው ጆንያ 48 ሆኖ የተገኘበት፣ እህሉን ለሚያስጭነው፣ ለሚፈርመውና ለሚቆጣጠረው የተከፈለው ሁሉ ተጽፏል። ከኮሚሽኑ ላይ ይህ ሁሉ ሲቀነስ የሚተርፍ ነገር አልነበረም። ቻቻ የጎደለባቸውን በድሃው ሚዛን ላይ ያካክሱ ነበር ማለት ነው። ደግሞም እያንዳንዷን ኪሎ መጻፋቸው፣ አንድ ቀን እከፍላለሁ የሚል ሐሳብ ኖሯቸው ይሆን? ይህን የሚያውቀው አላህ ነው።

ጓደኛዬ «ምን ላድርግ?» ሲል ጠየቀኝ። እኔም በዚያን ሰዓት ብልህ የሆንኩ መስሎኝ እንዲህ አልኩት፦ ሟቾቻችንን በመልካም እንድናነሳ ታዘናል፤ አላህ የሸፈነውን አንተ አትግለጥ። ትንሿን ደብተር አቃጥላትና ትልቁን መዝገብ አቅርብ። የአባትህ ስም በጽሕፈት ቤቱ ዘንድ ንጹሕ ነው፤ ፈቃዱን ያዝ። ከዚያ በኋላ አንተ በትክክል መዝን!

ወንድሞቼ፣ ይህ ምክር በዲን ቃል የተሸፈነ ስለነበር ነው ይበልጥ ያስፈራኝ። የሟችን ነውር ከመሸፈን ጋር የሟችን ዕዳ መደበቅን አንድ አደረግሁት። ሁለቱ ግን የሰማይና የምድር ያህል ይራራቃሉ።

ጓደኛዬ አልመለሰልኝም። ደብተሯን ይዞ ወደ እናቱ ገባ። በማግስቱ እናትየው አስጠሩኝና ከመጋረጃው በስተጀርባ ሆነው እንዲህ አሉኝ፦ «ልጄ፣ ለእኛ አስበህ መሆኑን አውቃለሁ። በእሳቸው ላይ ያጎደሉባቸው ሰዎች ለራሳቸው ይጠየቃሉ። እሳቸው ያጎደሉባቸው ሰዎች ደግሞ እሳቸውን ይጠይቃሉ። ባለቤቴ በጽሕፈት ቤቱ ስማቸው ንጹሕ ሆኖ በቀብራቸው ግን በዕዳ ታስረው እንዲቀሩ አልፈልግም። በዚያ እህል ያደግነው እኛ ነን።» ከዚህ በኋላ የምናገረው ቃል አጣሁ።

እስቲ የእኚህን እናት ንግግር በዲናችን ሚዛን እንመዝነው።

በመጀመሪያ፣ ውርስ የሚባለው ምንድን ነው? አላህ (ሱ.ወ.) በሱረቱ ኒሳእ የወራሾችን ድርሻ ሲደነግግ፣ ክፍፍሉ ከኑዛዜና ከዕዳ በኋላ መሆኑን ደጋግሞ አሳስቧል። ስለዚህ ከሟቹ ንብረት የቀብሩ ወጪ ይወጣል፤ ዕዳው ይከፈላል፤ ኑዛዜ ካለ እስከ ሲሶ ድረስ ይፈጸማል። ወራሽ የሚካፈለው ከዚህ የተረፈውን ነው። ሟቹ ሚስት፣ አንድ ወንድና ሁለት ሴቶች ልጆች የተዉ እንደሆነ ሀብቱ በ32 ይመደባል። ለሚስት 4፣ ለወንዱ 14፣ ለእያንዳንዷ ሴት 7 ይደርሳል። በህንድም ለሙስሊሞች የውርስ ጉዳይ በሸሪዓ እንዲታይ በ1937 የወጣ ሕግ አለ። በዚህ ክፍፍል ውስጥ የሱቁ ክፍል፣ መደርደሪያው፣ ሚዛኑና ገንዘቡ ይገባሉ። ፈቃዱ ግን አይገባም። ለምን ቢባል ፈቃዱ የሟቹ ንብረት አልነበረምና። በእጃቸው የነበረ የድሆች አማና ነው። አማና ደግሞ ለባለቤቱ ይመለሳል እንጂ አይወረስም።

እዚህ ላይ ሳላነሳው የማላልፈው ነገር አለ። እህቶች ወንድማቸው ፈቃዱን እንዲያወጣ ተቃውሞ የለንም ብለው ሲፈርሙ፣ ከአባታቸው ውርስ ላይ ያላቸውን ድርሻ ተዉ ማለት አይደለም። ስንቱ ወንድም ነው በአንዲት ፊርማ ሁለቱንም የሚጠቀልለው? እህት በሐዘንና በይሉኝታ የፈረመችውን ወረቀት በቂያማ ቀን አላህ ፊት ማቅረብ አይቻልም።

ሁለተኛ፣ አማናን መጠየቅስ ይፈቀዳልን? ረሱል (ሰ.ዐ.ወ.) ዐብዱረሕማን ኢብኑ ሰሙራን (ረ.ዐ.) ሹመትን እንዳይጠይቅ መክረውታል፤ ጠይቆ ያገኘው ለራሱ አቅም እንደሚተው፣ ሳይጠይቅ የተሰጠው ግን እንደሚታገዝበት ነግረውታል። ለአቡ ዘርም (ረ.ዐ.) ሹመት አማና መሆኑን፣ በሐቁ ይዞ ግዴታውን ከተወጣ ሰው በስተቀር በቂያማ ቀን ጸጸት እንደሚሆን አስረድተውታል። በሌላ በኩል ነቢዩ ዩሱፍ (ዐ.ሰ.) የግብፅን ጎተራ ኃላፊነት ራሳቸው ጠይቀዋል። ታዲያ እንዴት ይታረቃል? መልሱ በዩሱፍ ጥያቄ ውስጥ አለ። አባቴ ይህን ሥራ ይሠራ ነበርና ይገባኛል አላሉም፤ ቤተሰብ አለብኝም አላሉም። ጠባቂና ዐዋቂ መሆናቸውን ነው ያቀረቡት። ወንድሞቻቸው በድርቁ ዘመን እህል ፍለጋ በመጡ ጊዜም ስፍርን ሞልተው የሚሰጡ መሆናቸውን አሳይተዋቸዋል። ጉድጓድ ውስጥ ለጣሏቸው ሰዎች እንኳ ስፍሩን አላጎደሉም! የራሽን ሱቅ ፈቃድ የሚጠይቅ ሁሉ መጀመሪያ ሱረቱ ዩሱፍን ያንብብ። ጠባቂና ዐዋቂ ነኝ ለማለት የሚደፍር ከሆነ ይጠይቅ፤ የአባቴ ነበር ከማለት ሌላ ምክንያት ከሌለው ግን ይተወው።

ሦስተኛው የሟች ዕዳ ነው። ረሱል (ሰ.ዐ.ወ.) ዕዳ ትቶ በሞተ ሰው ጀናዛ ላይ ከመስገድ ተቆጥበው ባልደረቦቻቸው እንዲሰግዱበት ባዘዙ ጊዜ፣ አቡ ቀታዳ (ረ.ዐ.) ዕዳውን በራሱ ላይ ወስዶ ነው የሰገዱበት። ዙበይር ኢብኑል ዐዋም (ረ.ዐ.) በ36ኛው ዓመተ ሒጅራ ሲሞቱ ያለባቸው ዕዳ 2,200,000 ደርሶ ነበር። ልጃቸው ዐብዱላህ (ረ.ዐ.) ርስት ሸጦ ከፈለ። ወራሾች ቀሪውን አካፍለን ሲሉት አሻፈረኝ አለ። በሐጅ ወቅት ለአራት ዓመታት፣ ከዙበይር ላይ ዕዳ ያለው ይምጣ እያለ ካስነገረ በኋላ ነው ያካፈለው። ተመልከቱ! ጀነት የተበሰሩ ሶሓባ ናቸው፤ ልጃቸው ግን አባቴ ጀነት ተበስሯል ብሎ በዕዳው አልተዘናጋም።

ወደ ታሪካችን እንመለስ። ጓደኛዬ እንደ አቅሙ የዐብዱላህን መንገድ ተከተለ። የአባቱን ሞተር ብስክሌት ሸጠ። የእናቱ ጌጥ የራሳቸው ስለሆነ ከውርሱ ጋር አይቆጠርም፤ እሳቸው ግን በፈቃዳቸው ጨመሩበት። ከገበያ ስንዴ ገዝቶ በትንሿ ደብተር እየተመራ ቤት ለቤት ዞረ። በአደባባይ አላወጀም፤ የአባቱንም ስም አላጠፋም። «ከአባቴ ላይ ሐቅ አላችሁ፤ ይኸው» ይላል። ብዙዎቹ አለቀሱ፤ አፉ ብለናል ያሉም ነበሩ። አንዲት አሮጊት ግን የተሰላላቸውን እስከ መጨረሻዋ ኪሎ አስመዝነው ተቀበሉና ምንም ሳይናገሩ በራቸውን ዘጉ። ጓደኛዬ ቅር ብሎት ለእናቱ ሲነግራቸው «እሳቸው ናቸው ዛሬ አባትህን ነጻ ያወጡት፤ ስማቸውን ከደብተሩ ሰርዝ» አሉት።

አራቱን የሟች ካርዶች ደግሞ በደብዳቤ አድርጎ ፈቃዱን ለጠየቀበት ጽሕፈት ቤት መለሰ። ከእነሱ የተበላው እህል የሕዝብ ነበርና፣ እነማን እንደሆኑ ለማይታወቁት ባለሐቆች ሰደቃ እንዲሆን እየከፋፈለ ለሚስኪኖች ሊሰጥ ወሰነ። የጽሕፈት ቤቱ ጸሐፊ ደብዳቤውን አይቶ «ፈቃድ ልትወስድ ነው የመጣህ ወይስ ልታስነጥቅ?» አለው። ሌላውም ለሻይና ለውሃ የሚሆን ነገር ካመጣ ደብዳቤው ሊጠፋ እንደሚችል ጠቆመው። እኛ አገር «ለሻይ» የሚባለው መሆኑ ነው። ጉቦ ሰጪና ተቀባይ የተረገሙ መሆናቸውን ጓደኛዬ ያውቃል። አልሰጠም።

አንባቢ፣ እውነቱን ልንገራችሁ፤ ፈቃዱን አላገኘም። ከወራት በኋላ ለሌላ ሰው ተሰጠ። የታላቅ እህቱ ኒካሕ በገንዘብ እጦት ተራዘመ። እሱም በዚያው ክፍል ተራ የእህልና የሽንኩርት ንግድ ጀመረ። ሐቅን ለባለቤቱ የመለሰ ሁሉ በነጋታው በዱንያ ይካሳል ብዬ አልዋሻችሁም። ያየሁት ግን አንድ ነገር አለ። በ2009 ወደ አገሬ ከመመለሴ በፊት፣ ካርድ ያላቸው ሰዎች ከአዲሱ ሱቅ ሲመለሱ ጆንያቸውን በእሱ ሚዛን ላይ እያሳረፉ ያስመዝኑ ነበር። በነጻ ይመዝንላቸዋል። ከጎደለ ተመልሰው ይጠይቃሉ። ፈቃድ ሳይኖረው የሚዛን ጠባቂ ሆነ ማለት ነው።

ከዚያ ወዲህ የህንድ አሠራር ብዙ ተለውጧል። በ2013 የምግብ ዋስትና ሕግ ወጥቶ 35 ኪሎው ለድሃ ድሃዎቹ ሲጸና፣ ለሌሎች ችግረኛ ቤተሰቦች በነፍስ ወከፍ በወር 5 ኪሎ ተወሰነ። ከጥር 2023 ጀምሮ እህሉ ያለ ክፍያ ይታደላል። ዛሬ ከ500 ሺህ በላይ የራሽን ሱቆች አሉ፤ አብዛኞቹም የተቀባዩን አውራ ጣት የሚያነብ መሣሪያ ይጠቀማሉ። በ2021 የአላሃባድ ከፍተኛ ፍርድ ቤት ባሏ የሞተባት ምራትም የራሽን ሱቅ ለመጠየቅ የምትችል የቤተሰብ አባል ሆና እንድትቆጠር ወስኗል። ይህ ሁሉ መልካም ነው። መሣሪያው የሞተ ሰው እህል እንዳይወስድ ይከለክል ይሆናል። ሚዛኑ ላይ የምታርፈውን የባለ ሱቁን ጣት ግን አያነብም። ሕጉ ፈቃዱን ማን ይጠይቅ የሚለውን ይመልሳል፤ በምን ልብ ይጠየቅ የሚለውን የሚመልሰው ተቅዋ ነው።

ለኛስ? የቀበሌ ሱቅ ሰልፍ የቆመ፣ ስኳር መጣ ሲባል ከረጢት ይዞ የሮጠ ትውልድ ይህ ታሪክ ባዕድ አይሆንበትም። ዛሬም በሸማቾች ማኅበር በኩል ዘይትና ስኳር የሚያከፋፍሉ ወንድሞች አሉን። አባታቸው ሞቶ ሱቅ የከፈቱ፣ የሟቹን የዱቤ መዝገብ የወረሱም ብዙ ናቸው። እኛ ለመጠየቅ የምንፈጥነው ሰዎች ለአባታችን ያለባቸውን ነው። አባታችን ለሰዎች ያለበት የተጻፈባት ትንሿ ደብተርስ የት ናት? ሟቹ ባይጽፋትም ሁለቱ መላእክት ጽፈዋታል። በሱረቱል ሙጠፊፊን ወዮታ የተነገረው ሲሰፈርለት ሞልቶ ለሚቀበል፣ ሲሰፍር ግን ለሚያጎድል ነው። አላህም እነዚህ ሰዎች ለታላቁ ቀን የሚቀሰቀሱ መሆናቸውን አያስቡምን ሲል ጠይቋል። ጥያቄው ለባለ ሱቅ ሁሉ ነው፤ ምክር ተጠይቆ ለሚመክርም ነው።

እኔ በዚያች ሌሊት ደብተሯ እንድትቃጠል መክሬያለሁ። ዛሬ ግን ወላጁ የሞተበትን ወዳጅ ለማጽናናት ስሄድ፣ ከዱዓው በኋላ ቀስ ብዬ «የሟቹ ዕዳ ተጣርቷል ወይ?» ብዬ እጠይቃለሁ። አንዳንዱ ይከፋዋል። ይከፋው። ከአላህ ምሕረት ጋር ለሟች ከሚደርሱት ነገሮች አንዱ ልጁ የሚከፍልለት ዕዳ ነውና።

አላህ ሚዛናችንን ያቅናልን፤ የሞቱብንን ይማርልን፤ የሰውን ሐቅ ተሸክመን ከመቀበር ይጠብቀን። አሚን።

ወሰላሙ አለይኩም ወራህመቱላሂ ወበረካቱህ።